የራራ ሁሉ በር አይከፍትም

«ከራስ በላይ ነፋስ» የሚለውን አባባል የማያውቅ አማርኛ ተናጋሪ ያለ አይመስለኝም። «ሰው ለሰው መድኃኒቱ ነው» ሲባል ያልሰማም እንዲሁ። ሁለቱም በአንድ አፍ የሚነገሩ የአንድ ሕዝብ አባባሎች ናቸው። በደህና ቀን ተቻችለው ይኖራሉ፤ ለቅሶ ቤት ኋለኛውን፣ ገበያ መሀል ፊተኛውን እንጠቅሳለን። ጭንቁ የሚመጣው ደህናው ቀን ሲያልፍ ነው። መንግሥት ሲፈርስ፣ ውሃ ሲጠፋ፣ ፖሊስ ጣቢያው ባዶውን ሲቀርና በር ሲንኳኳ ከሁለቱ አንዱን መምረጥ ግድ ይሆናል። ለመሆኑ በዚያ ቀን የሌላው ሕመም የሚያመው ሰው ይተርፋል ወይስ ከሁሉ ቀድሞ ይጠፋል?

ይህ ለእኔ የመጽሐፍ ጥያቄ ብቻ አይደለም። በ1983 ዓ.ም. ግንቦት ወር፣ የአሥራ ስድስት ዓመት ልጅ ሳለሁ፣ በቤታችን የቆርቆሮ በር ቀዳዳ አሾልቄ ባየሁት አንድ ሰው ምክንያት እስከ ዛሬ ያልለቀቀኝ ጥያቄ ነው። ስለዚያ ሰው ከመናገሬ በፊት ግን ነገሩን ያፍታታልኝን አንድ ልብ ወለድ ላስቀድም።

መጽሐፉ የአሜሪካዊቷ ደራሲ የኦክታቪያ በትለር «የዘሪው ምሳሌ» ነው። በትለር እ.ኤ.አ. በ1947 በካሊፎርኒያ፣ ፓሳዴና፣ ከጥቁር አሜሪካውያን ቤተሰብ ተወለደች። አባቷ ሊስትሮ፣ እናቷ የሰው ቤት ሠራተኛ ነበሩ። እሷም በ2006 አርፋለች። ልብ ወለዱ የታተመው እ.ኤ.አ. በ1993 ሲሆን ታሪኩ የሚጀምረው ጁላይ 20 ቀን 2024፣ በእኛ አቆጣጠር ሐምሌ 13 ቀን 2016 ዓ.ም. ነው። ደራሲዋ ስትጽፈው የሩቅ ጊዜ ነበር፤ ዛሬ ያ ቀን ከኋላችን ቀርቷል።

በበትለር ዓለም ጥፋት እንደ መብረቅ በአንድ ጊዜ አይወርድም። ዝናብ እየራቀ ይሄዳል። የውሃ ዋጋ ከቤንዚን ይበልጣል። ፖሊስና እሳት አደጋ ሳይከፈላቸው አይመጡም። ሥራ ቢገኝ እንኳ ሠራተኛው ዕድሜ ልኩን ባለዕዳ ሆኖ በሚቀርበት ኩባንያ ነው። ትንሽ ያለው ሰው ሠፈሩን በግንብ ያጥራል፤ ምንም የሌለው ከግንቡ ውጭ ይተኛል፤ ቁጥሩም በየቀኑ ይጨምራል። ልብ እንበል፤ መንግሥት አልጠፋም። ምርጫ ይካሄዳል፣ ፕሬዚዳንትም ይመረጣል። የጠፋው ሰው ከሰው ሊጠብቀው የሚችለው ነገር ነው። ከመጽሐፉ ሁሉ ያስፈራኝም ይኸው ነበር።

ባለ ታሪኳ ሎረን ኦላሚና አሥራ አምስት ዓመት የሞላት ልጅ ናት። ከሎስ አንጀለስ ብዙ በማይርቅ ሮብሌዶ በሚባል ከተማ፣ በግንብ በታጠረ ሠፈር ትኖራለች። አባቷ የባፕቲስት ሰባኪና አስተማሪ ነው። እናቷ ነፍሰ ጡር ሳለች አንድ መድኃኒት ያለአግባብ ትወስድ ስለነበር ልጅቱ ከነሕመሟ ተወለደች። ሕመሙ እንዲህ ነው፦ ሌላው ሲታመም ካየች ያማታል። ታዝናለች ማለቴ አይደለም፤ በሥጋዋ ያማታል። የተመታ ሰው ካየች እንደተመታች ትወድቃለች። ሌላው ሲደሰት ደስታውንም ትካፈላለች፤ ግን በዚያ ዘመን ደስታ ብርቅ ነው። ደራሲዋ እንዲህ ያሉትን ሰዎች «ተጋሪዎች» ትላቸዋለች።

ይሁን እንጂ ሕመሙ ከአንዱ አካል ወደ ሌላው የሚሻገር አይደለም። ልጅቱን የሚያማት ያየችውና ያመነችው ነው። ትንሽ ሳለች የሌላ ሰው ደም ካየች የራሷም ቆዳ ይደማ ነበር። ወንድሟ ኪት ይህን ስለሚያውቅ ቀይ ቀለም ደም እያስመሰለ ያሳያትና ያደማት ነበር። እዚች ላይ ስደርስ መጽሐፉን አጥፌ ጥቂት ተቀመጥኩ። እኛስ ስንት ጊዜ በቀይ ቀለም ደምተናል? ስንቱን እውነተኛ ቁስል ደግሞ ስላላየነው ብቻ ሳያመን አልፈናል? የርኅራኄ ስሜት የታየውን ሁሉ የሚያምን፣ ያልታየውን ሁሉ የሚረሳ መሆኑን ከዚህ የተሻለ ያሳየኝ የለም።

ማንበብ ስጀምር ደራሲዋ ልጅቱን ቅድስት ልታደርጋት ነው ብዬ ነበር። ሎረን ራሷም አንድ ጊዜ፣ ሰው ሁሉ እንደ እኔ ቢሆን ማን ማንን ያሠቃይ ነበር ብላ ታስባለች። እኔም በሐሳቧ ተስማምቼ ራሴን ነቀነቅኩ። ታሪኩ ግን ወደዚያ አልሄደም። ሎረን በብስክሌት ከግንቡ ውጭ ስትወጣ በየመንገዱ ዳር የወደቁትን ላለማየት ትጥራለች። ካየች ልትወድቅ ነውና! ተኩስ ሊለማመዱ ከሠፈር በወጡበት ቀን ደግሞ ተመትቶ የሚያጣጥር ውሻ አጋጥሟት ተኩሳ ትገድለዋለች፤ ሞቱንም በራሷ ሥጋ ትቀምሰዋለች። ኋላም በስደት ጎዳና ላይ ሌሊት አደጋ ከጣሉባቸው ሰዎች አንዱን በድንጋይ መትታ ትጥለዋለች፤ ነፍሱ አለመውጣቷን ስታይ ራሷ ትጨርሰዋለች። ቆስሎ ቢነቃ ሕመሙ የእሷም ነዋ።

እንግዲህ የሌላውን ሕመም መታመም አንድም ዓይን ያስጨፍናል፣ አንድም እጅ ያስቸኩላል ማለት ነው። በሁለቱም መንገድ ታማሚው የሚፈልገው የራሱ ሕመም እንዲቆምለት ነው። በትለር ርኅራኄን አልናቀችም፤ ነገር ግን ርኅራኄ ብቻውን ምን እንደሚያደርግ ሳትሸፋፍን አሳየች።

ታዲያ መጽሐፉ በደግነት የተሞላ መሆኑ ይደንቃል። እ.ኤ.አ. በ2027 ዘራፊዎች ግንቡን ጥሰው ሠፈሩን ያቃጥላሉ። ሎረን አስቀድማ ባዘጋጀቻት የመጠባበቂያ ቦርሳ ታመልጣለች፤ ከጎረቤቶቿ የተረፉትን ዛራንና ሃሪን አግኝታ በአውራ ጎዳናው ወደ ሰሜን በእግር ትጓዛለች። በመንገድ ላይ ሰው ይጨመራል። ሕፃን የያዙ ባልና ሚስት ይመጣሉ። በመሬት መንቀጥቀጥ ከፈረሰ ቤት ሥር ሁለት እህትማማቾች ይወጣሉ። ባንኮሌ የተባለ ጠና ያለ ሐኪም ይቀላቀላል። ከዕዳ ባርነት ያመለጠች አንዲት እናት ደግሞ ሌሊት ከነልጇ ሾልካ ገብታ መካከላቸው ተኝታ ትገኛለች።

ልብ ብዬ ሳየው እነዚህን ሁሉ ወደ ጉዞው ያስገባቸው የሎረን ሕመም አይደለም። ሕመሟማ «ራቂ» ነው የሚላት፤ አዲስ ወዳጅ ሁሉ ነገ የሚያማት አዲስ አካል ነው። ያስገባቻቸው አስባ፣ ከጓደኞቿ ጋር ተከራክራ፣ ሰዎቹን በዓይኗ መዝና ነው። ከገቡ በኋላም ሥራ አለ። ሌሊት በተራ ይጠበቃል፣ ምግብ በልክ ይከፈላል፣ የማያውቅ እንዲያውቅ ይደረጋል። ከስሜት ይልቅ ሥርዓት የሚመስለው ይህ ነገር ነው ሰዎቹን ያተረፋቸው።

ይህን ልዩነት በጥናት ለማየት የሞከረ ሰው አለ። ዳንኤል ባትሰን የተባለ አሜሪካዊ የሥነ ልቦና ተመራማሪ ከባልደረቦቹ ጋር ሆኖ እ.ኤ.አ. በ1981 ያሳተመው ሙከራ በአጭሩ የሚከተለው ነው። ተማሪዎች አንዲት ሴት በኤሌክትሪክ ስትነዘር እንዲመለከቱ ተደረገ፤ መነዘሩ ለማስመሰል የተደረገ ነበር። ለከፊሎቹ ጥቂት ካዩ በኋላ መሄድ እንደሚችሉ፣ ለከፊሎቹ ደግሞ እስከ መጨረሻ ማየት እንዳለባቸው ተነገራቸው። ከዚያም ሁሉም የሴትዮዋን ቦታ ወስደው መነዘሩን እንዲቀበሉላት ተጠየቁ። ከተመልካቾቹ መካከል በራሳቸው ውስጥ በተሰማቸው ጭንቀት የተያዙት፣ በሩ ክፍት ከሆነ አብዛኞቹ ሄዱ። ሐሳባቸው ወደ ሴትዮዋ የዞረው ግን መሄድ እየቻሉ «እኔ ልተካት» አሉ። ሁለቱም ወገኖች ስሜት ነበራቸው፤ ልባቸውም ደንዳና አልነበረም። ልዩነቱ ስሜቱ ወዴት ይመለከታል የሚለው ነበር፤ ወደ ራስ ነው ወይስ ወደ ሌላው?

ከዚህ ብዙ ቀድሞ፣ እ.ኤ.አ. በ1759፣ እስኮትላንዳዊው ፈላስፋ አዳም ስሚዝ ስለ ሞራል ስሜቶች በጻፈው መጽሐፍ አንድ ምሳሌ አቅርቦ ነበር። የቻይና ምድር ከነሕዝቧ በመሬት መንቀጥቀጥ ተዋጠች እንበል። አንድ አውሮፓዊ ይህን ቢሰማ ያዝናል፣ ስለ ሰው ልጅ ሕይወት ከንቱነትም ይናገራል፤ ማታ ግን ተኝቶ ያንኮራፋል። ነገ ትንሿ ጣቱ እንደምትቆረጥ ቢያውቅ ግን እንቅልፍ አይወስደውም። ስሚዝ ቀጥሎ ይጠይቃል። ይህ ሰው ጣቱን ለማዳን ያን ሁሉ ሕዝብ አሳልፎ ይሰጣልን? አይሰጥም፤ ሐሳቡ ራሱ ይዘገንነዋል። ስሜቱ ይህን ያህል ደካማ ከሆነ ታዲያ የሚከለክለው ምንድን ነው? ስሚዝ የልብ መራራት ነው አላለም፤ አእምሮና ኅሊና፣ በውስጣችን የተቀመጠው ዳኛ ነው አለ እንጂ።

አሁን ወደ ቆርቆሮው በር ልመለስ።

ኮሎኔል መንግሥቱ ኃይለ ማርያም ግንቦት 13 ቀን 1983 ዓ.ም. ከአገር ወጡ፤ ኢሕአዴግ አዲስ አበባ የገባው ግንቦት 20 ቀን ነው። በመካከል የነበረውን ሳምንት የኖረ ያውቀዋል። ከየግንባሩ የተበተነው ሠራዊት በከተማው ይፈስ ነበር። መሣሪያውን የሚሸጥ ነበር፤ መለዮውን አውልቆ ያገኘውን የሲቪል ልብስ የለበሰ ነበር፤ የሚለምንም ነበር። አባቴ ለሥራ ክፍለ ሀገር እንደወጣ ነበር። ቤት ውስጥ እናቴ፣ እኔና ሁለት ትንንሽ እህቶቼ ብቻ ነበርን። እናቴ በር እንዳንከፍት አስጠንቅቃን ነበር።

አንድ ረፋድ ላይ «ቤቶች! ቤቶች!» የሚል ድምፅ ተሰማ። ሄጄ በቀዳዳው አየሁ። ከእኔ ብዙ የማይበልጥ ወጣት ነው። ከላይ እጅጌው ያጠረው የሰው ሹራብ፣ ከታች የወታደር ሱሪ ለብሷል። ጫማ የለውም። እግሩን በጨርቅ ጠቅልሎታል፤ ጨርቁ ጠቁሮ ከቁስሉ ጋር ተጣብቋል። «እባካችሁ፣ ውሃ» አለ። አንጀቴ ተላወሰ። እውነቴን ነው የምላችሁ፣ የገዛ እግሬ ሲጠዘጥዘኝ ተሰማኝ። ማየት አልቻልኩም። ከበሩ ፈቀቅ ብዬ፣ «ሰው የለም!» አልኩ።

«እሺ ወንድሜ» አለኝ፤ ሄዶም አጥሩ ሥር ተቀመጠ።

ቤት ገብቼ ጋቢ ተከናንቤ አለቀስኩ። እናቴ ከማድ ቤት መጥታ ምን እንደሆንኩ ጠየቀችኝ። ነገርኳት። «ታዲያ ምን አልከው?» አለች። «ሰው የለም አልኩት።» ዝም ብላ አየችኝና፣ «አንተ ምንድን ነህ ታዲያ?» አለችኝ።

ከዚያ በኋላ ያደረገችውን አንድ በአንድ አስታውሳለሁ። አላለቀሰችም። እህቶቼን ጓዳ አስገብታ ቆለፈችባቸው። በአጥሩ በኩል ጎረቤታችንን ጠርታ «ደጅ ሰው አለ፣ እዚያው ሆነሽ እይልኝ» አለቻት። ለእኔ ዘነዘና ሰጥታ ከኋላዋ እንድቆም አዘዘችኝ። በሩን ሳትከፍት፣ «መሣሪያ ይዘሃል?» ብላ ጠየቀች። «ሸጥኩት እናቴ» አለ። ሹራቡን ገልጦ እንዲያሳያት፣ ከበሩም ራቅ ብሎ እንዲቀመጥ አደረገች። ከዚያ ከፈተች። በጣሳ ውሃ፣ ቀጥሎ ሽሮ የፈሰሰበት እንጀራ፣ ቀጥሎ በሳፋ ለብ ያለ የጨው ውሃ አወጣችለት። ጨርቁ ከቁስሉ እንዲላቀቅ እግሩን ነክሮ እንዲቆይ ነገረችው። የአባቴን አሮጌ ሸራ ጫማ ሰጠችው። ወደ ዘጠኝ ሰዓት ላይ መርቋት ሄደ። ሳፋውን አጥባ ወደ ሥራዋ ተመለሰች።

ማታ «አልፈራሽም?» አልኳት። «ፈርቼ እንጂ» አለች። «ታዲያ ደጄ ላይ ተቀምጦ ምን ላድርግ?»

ለብዙ ዓመታት ይህን ታሪክ ለራሴ በተሳሳተ መንገድ ስተርከው ኖሬያለሁ። እናቴ ደግ፣ እኔ ጨካኝ ነበርን እል ነበር። እንዲህ ከሆነ ነገሩ ቀላል ነው። ለጨካኝ ልብ ስበክለት፣ እንዲራራ አስተምረው፣ ይስተካከላል። በትለርን ካነበብኩ በኋላ ግን ነገሩ እንዲያ እንዳልነበረ ገባኝ። የዚያን ቀን በዚያ ግቢ ውስጥ ከሁሉ ይበልጥ የራራሁት እኔ ነበርኩ። እግሩ እግሬን አሞኛል። በሩን የዘጋሁትም ስላልራራሁ ሳይሆን ስለራራሁ ነው። ለቅሶዬም ለእሱ አልነበረም፤ እሱን ባየሁበት ለራሴ ነበር። ሆደ ቡቡ መሆን ከደግነት ጋር ሳይለይ ሲቀር እንዲህ ያታልላል። ሰው አልቅሶ ስለወጣለት ብቻ ግዴታውን የፈጸመ ይመስለዋል።

አንድ ወዳጄ ይህን ስነግረው፣ «ቦምብ ይዞ ቢሆንስ?» አለኝ። ጥያቄው ቀልድ አይደለም። በዚያ ሳምንት በሩን ከፍቶ የተዘረፈ ሰው አልነበረም ብዬ አልከራከርም። በትለርም ደግ ሁሉ ይተርፋል አላለችም። በመጽሐፏ ውስጥ ሠፈሩን አስተባብሮ የያዘው የሎረን አባት አንድ ቀን ከሥራ ሳይመለስ ይቀራል፤ ሬሳው እንኳ አይገኝም። ስለዚህ ደግነት ያዋጣል ብዬ ለአንባቢ ዋስ መሆን አልችልም። የምለው ሌላ ነው። እናቴ በሩን ስትከፍት ዘነዘናውን አልጣለችም። ሎረንም እንግዳ ስትቀበል የሌሊት ጥበቃውን አላነሳችም። መጠንቀቅና መቀበል ጠላቶች የሚመስሉን አንዱን ለመሥራት ስንሰንፍ ነው። ፍርሃቷን ሥራ ያስያዘች እናት በሩን ለመክፈት ጊዜ አገኘች፤ ርኅራኄውን ሥራ ያላስያዘ ልጅ ግን ጋቢ ሥር ገባ።

የመጽሐፉ ርዕስ የመጣበትን የሉቃስ ወንጌል ምሳሌ ሁላችንም እናውቀዋለን። በዓለት ላይ የወደቀው ዘር ይበቅላል፤ እርጥበት ስለሌለው ግን ይደርቃል። ይህን ስሰማ ዛሬ ትዝ የሚለኝ የራሴ እንባ ነው። በታክሲ መስኮት በኩል እጇን የምትዘረጋ አሮጊት ሳይ ቶሎ የሚበቅለው፣ አረንጓዴው መብራት ሲበራ የሚደርቀው ርኅራኄዬ ነው። ስሜቱ ሐሰት አልነበረም። ሥር ግን አልነበረውም።

በልብ ወለዱ መጨረሻ መንገደኞቹ ባንኮሌ ቦታ ወዳለበት ወደ ሰሜን ካሊፎርኒያ ይደርሳሉ። የሚጠብቃቸው የተቃጠለ ቤትና የእህቱ ቤተሰብ አጥንት ነው። እንቆይ ወይስ እንሂድ ብለው ይከራከራሉ። በመጨረሻ ለመቆየት ይወስናሉ። የሞቱትን ያስባሉ፤ በየሟቾቻቸው ስም የባሉጥ ዛፍ ዘር ይተክላሉ። ከግንቡ፣ ከሕመሙና ከስደቱ ሁሉ በኋላ የቀራቸው ይህ ብቻ ነው፤ መቆየትና መትከል። «ከራስ በላይ ነፋስ» የሚለው ሰው ምናልባት በሕይወት ይተርፍ ይሆናል። ግን የተረፈው ማን ነው? ተርፎስ ከማን ጋር ይኖራል?

ያ ወጣት አገሩ ይግባ አይግባ አላውቅም። እናቴ አርፋለች። በራችን ዛሬ የብረት ነው፤ ደወልም አለው። ማታ ሲደወል እንደ ማንኛውም የከተማ ሰው እፈራለሁ፤ መብራት አበራለሁ፤ «ማነው?» እላለሁ። አንዳንድ ጊዜ እከፍታለሁ፤ አንዳንድ ጊዜ አልከፍትም። ሰው የለም ብዬ ግን አልመልስም።